የጁዲ ራንኪን ጉዳይ፦ የሴቶች ጎልፍ ድምፅ ለመሆን ለምን ያን ያህል ዘመን ፈጀባት

ስፖርት ኮሜንታተር ወይም ተንታኝ መሆን የምትፈልጉ ልጆች፣ በተለይ ደግሞ ቲቪ ዞር ብሎ የማያየውን ስፖርት የምትወዱ፣ የዚችን ሴትዮ ታሪክ ተረጋግታችሁ አንብቡት። ጁዲ ራንኪን ትባላለች፣ አሜሪካዊት ናት፣ መጀመሪያ ራሷ ፕሮፌሽናል ጎልፈኛ ነበረች፣ ከዛ ከ1984 እስከ 2022 ድረስ በቲቪ ጎልፍ ስትዘግብና ስትተነትን ኖረች (ዓመቶቹን በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። ጎልፍ ብዙዎቻችን ቤት የሚታይ ስፖርት እንዳልሆነ አውቃለሁ፣ ህጉን ባታውቁትም ግን ችግር የለውም፣ በዋናነት የማወራው ስለ ማይኩ ስራ ነው። እኔን የያዘኝ ጥያቄ ይሄ ነው። የሴቶችን ጎልፍ ከማንም በላይ የምታውቅ፣ ራሷ ተጫውታ ዋንጫ የሰበሰበች፣ የሴቶች ጎልፍ ማህበር ፕሬዚዳንት ሆና ያገለገለች ሴት፣ ማይክ ከያዘች በኋላ ሃያ ምናምን ዓመት አብዛኛውን ስራዋን የሰራችው የወንዶች ውድድር ላይ ነው፣ የሴቶቹን ቱር (ከከተማ ከተማ እየዞረ የሚካሄደውን የዓመቱን ውድድር) ከሳምንት ሳምንት መተንተን የጀመረችው ደግሞ ሌላው ሰው ጡረታ በሚወጣበት እድሜ ነው። ይሄ እንዴት ሊሆን ቻለ?

ከመጀመሪያው ልነሳ። ጁዲ የተወለደችው በ1945 ሚዙሪ ውስጥ ሴንት ሉዊስ ከተማ ነው። ጎልፍ ያስተማሯት አባቷ ናቸው፣ የ6 ዓመት ልጅ እያለች። እናቷ ታመው ጁዲ ገና ልጅ እያለች ነው ያረፉት። በ14 ዓመቷ የሚዙሪን የሴቶች አማተር ሻምፒዮና አሸነፈች፣ በዓመቱ በ1960 ደግሞ ገና 15 ዓመቷ ሆኖ የአሜሪካ የሴቶች ኦፕን ላይ ከተወዳደሩት አማተሮች ሁሉ የተሻለ ውጤት አመጣች። ከዛ 16 ዓመቷ ላይ ሰለቻት። በቃ አቆማለሁ ብላ ወስና ነበር፣ ይሄኔ ነው ስፖርትስ ኢለስትሬትድ መፅሄት ደውሎ ዘንድሮ የሴቶች ኦፕን ላይ ትጫወቻለሽ ወይ፣ ሽፋን ላይ ልናወጣሽ አስበናል ያላት፣ እሷም ተመልሳ ገባች፣ በ1961 ፎቶዋ ሽፋኑ ላይ ወጣ፣ በ1962 በ17 ዓመቷ ፕሮፌሽናል ሆነች። እኔ ይሄን ሳስብ በጣም ይገርመኛል፣ አንድ የሚዲያ ስልክ የአንዲትን ልጅ መንገድ አዞረ ማለት ነው፣ እንደሷ ችሎታ ኖሯቸው ማንም ሳይደውልላቸው ጥለውት የሄዱ ልጆች ስንት ይሆናሉ?

ኤልፒጂኤ የሚባለው የሴቶች ፕሮፌሽናል ጎልፍ ማህበር በ1950 በ13 ሴቶች ነው የተመሰረተው፣ ጁዲ ስትገባ ገና 12 ዓመቱ ነበር። ተጫዋቾቹ ከከተማ ከተማ መኪና እየነዱ ነው የሚዞሩት፣ ሽልማቱ ትንሽ ነው፣ ቲቪ ደግሞ የለም ማለት ይቻላል፣ ትልቁ ውድድር የሴቶች ኦፕን ራሱ ለመጀመሪያ ጊዜ በቲቪ የታየው በ1963 ነው። ጁዲ የመጀመሪያ ድሏን እስክታገኝ 6 ዓመት ፈጀባት፣ 1968 ላይ ነው ኮርፐስ ክሪስቲ ቴክሳስ ያሸነፈችው። በመሃል አግብታ ሚድላንድ ቴክሳስ መኖር ጀምራለች፣ ልጅ ወልዳለች፣ ልጇን ይዛ ነው ቱሩን የምትዞረው። ገንዘብ ትንሽ ትንሽ መምጣት የጀመረው ስፖንሰር ሲመጣ ነው፣ በ1972 ኮልጌት (አዎ ያው የጥርስ ሳሙናው ኮልጌት) ዲና ሾር ከምትባለው ዘፋኝ ጋር ሆኖ ካሊፎርኒያ ውስጥ ሚሽን ሂልስ ላይ 110,000 ዶላር የሽልማት ገንዘብ ያለው ውድድር ጀመረ፣ ይሄ ለሴቶች ያኔ ተሰምቶ የማያውቅ ብር ነበር፣ ከብሩ ጋር ደግሞ ቲቪ መጣ።

የጁዲ ምርጥ ዘመን ከዚህ በኋላ ነው። በ1976 ስድስት ውድድር አሸነፈች፣ 150,734 ዶላር አገኘች፣ በአንድ ሲዝን ከ100,000 ዶላር በላይ ያገኘች የመጀመሪያዋ ሴት ጎልፈኛ ሆነች። በዛው ዓመት በወንዶቹ በኩል አንደኛ የነበረው ጃክ ኒክላውስ 266,438 ዶላር አግኝቷል፣ ልዩነቱን እናንተው እዩት። በ1977 ደግሞ አምስት አሸነፈች፣ 25 ውድድር ላይ ከ1 እስከ 10 ባለው ደረጃ ውስጥ ጨረሰች። ሁለቱንም ዓመት የዓመቱ ምርጥ ተጫዋች ተባለች፣ የዓመቱን ምርጥ አማካይ ውጤት ላስመዘገበች የሚሰጠውን ቬር ትሮፊ ሶስት ጊዜ ወሰደች፣ በአጠቃላይ 26 የኤልፒጂኤ ድል አላት። ቁመቷ አጭር ነው፣ ሰውነቷም ቀጭን፣ ስለዚህ ከትልልቆቹ ጋር እኩል ለመምታት ዱላ አያያዟን ራሱ ለየት አድርጋ ነው የተጫወተችው፣ እኔ በኋላ ላይ ጎበዝ ተንታኝ ያደረጋት አንዱ ነገር ይሄ ይመስለኛል፣ ጉልበት የሌለው ሰው እያንዳንዱን ምት አስቦ ነው የሚመታው፣ አስቦ የመታ ሰው ደግሞ ለምን እንደመታ መናገር ይችላል።

አንድ የጎደላት ነገር ሜጀር የሚባለው ትልቅ ዋንጫ ነው፣ በመዝገብ ላይ ዜሮ ነው። ነገር ግን በ1976 ያንን የኮልጌት ዲና ሾርን ውድድር አሸንፋለች፣ በ1977 ደግሞ ካናዳ ውስጥ ፒተር ጃክሰን ክላሲክን። የካናዳው ከ1979 ጀምሮ ሜጀር ተባለ፣ የዲና ሾሩ በ1983 ሜጀር ሆነ። እሷ ከውድድር የወጣችው መቼ ነው? በዛው በ1983። ጀርባዋ ነው ያስቆማት፣ ለዓመታት ሲያማት ቆይቶ በ1985 ኦፕራሲዮን ተደርጋለች።

በ1984 ኤቢሲ የሚባለው የአሜሪካ ቲቪ ጣቢያ ጋ ገባች። እዚህ ጋ ትንሽ ቆም ልበልና የጎልፍ ስርጭት እንዴት እንደሚሰራ ላስረዳ፣ ካልገባን የሷ ችሎታ አይታየንም። እግር ኳስ አንድ ኳስ ነው ያለው፣ ካሜራው ሁሉ እሷን ይከተላል፣ ኮሜንታተሩም እሷን እያየ ያወራል። ጎልፍ ላይ ግን በአንድ ጊዜ በደርዘን የሚቆጠሩ ኳሶች በየሜዳው ተበትነው ነው ያሉት፣ አንዷ 4ኛው ሆል (ቀዳዳ) ላይ ነች፣ አንዷ 15ኛው ላይ፣ እና ውጪ የቆመ የስርጭት መኪና ውስጥ ያለው ፕሮዲውሰር ነው የቱ ምት ላይቭ ይግባ የቱ ተቀድቶ ትንሽ ቆይቶ ይታይ የሚለውን በየሰከንዱ የሚወስነው። ማማ ላይ የሚቀመጥ ዋና አስተላላፊ አለ፣ አጠገቡ ተንታኝ አለ፣ ከዛ ደግሞ ሜዳ ውስጥ ከተጫዋቾቹ ጋር በእግሩ የሚሄድ ዘጋቢ አለ። ይሄ የሜዳው ሰው ሄድሴት አድርጎ፣ ወገቡ ላይ ማሰራጫ ታጥቆ፣ ኳሷ ያረፈችበትን ሳር ሄዶ አይቶ፣ ርቀቱን ሰምቶ፣ ንፋሱ ከየት እንደሚነፍስ ገምቶ፣ የትኛው ዱላ እንደተመረጠ አውቆ ይጠብቃል። ጆሮው ውስጥ ፕሮዲውሰሩ ያወራዋል፣ ማማው ላይ ያለው ሰው "ተጫዋቿ ምን ገጥሟታል?" ብሎ ሲጠይቅ ያለው ጊዜ ሰከንዶች ናቸው፣ ተጫዋቿ ደግሞ እዛው አጠገቡ ስለሆነች ድምፁን ዝቅ አድርጎ በሹክሹክታ መናገር አለበት። ረጅም ታሪክ አይወራም። ኳሷ ሳር ውስጥ ገብታለች፣ ንፋሱ ከፊት ነው፣ በዚህ ዱላ ግሪኑ (ቀዳዳው ያለበት አጭር ሳር) ላይ ታደርሳለች ግን አታቆማትም፣ በቃ እንዲህ ያለ ነገር ነው። ግምቱ ደግሞ ወዲያው ይፈተናል፣ ተጫዋቿ ትመታለች፣ ሚሊዮን ሰው ትክክል ነበርክ ወይስ አልነበርክም የሚለውን እዛው ያያል። በዜና ስቱዲዮ ውስጥ እንዲህ ያለ ፈተና የለም።

ጁዲ የገባችው ይሄ ስራ ውስጥ ነው። ኤቢሲ ላይ በዚህ ስራ የታወቀው ቦብ ሮዝበርግ ነበር፣ በ1959 ፒጂኤ የሚባለውን የወንዶች ሻምፒዮና ያሸነፈ፣ በሜዳ ውስጥ እየተራመደ የሚዘግብ ሰው የሚባለውን ስራ ራሱ ለቲቪ ያስተዋወቀ ሰው። እሷም ከሱ ጋር ነው የሰራችው። የኤቢሲ ፕሮግራም ደግሞ አብዛኛው የወንዶች ነው፣ ፒጂኤ ቱር (የወንዶቹ ፕሮፌሽናል ቱር)፣ የእንግሊዞቹ ኦፕን፣ ከነዚህ መሃል ነው አንዳንድ የሴቶች ውድድር የሚገባው። ስለዚህ ወንዶቹን ተከትሎ መሄድ ግድ ሆነ። ከሷ በፊት የወንዶች ውድድር ላይ የሰሩ ሴቶች ነበሩ፣ ከኤልፒጂኤ መስራቾች አንዷ ማሪሊን ስሚዝ በ1973 ሰርታለች፣ ግን በየሳምንቱ ቋሚ ስራ አድርጋ፣ ለአስርት ዓመታት ወንዶች ተጫዋቾችን በእግሯ እየተከተለች የዘገበች ሴት ስትፈልጉ መጀመሪያ የምታገኙት ጁዲን ነው።

ይሄን ዘመን ለማወቅ በ1995 የሆነውን ማየት ይጠቅማል። የሌላው ጣቢያ የሲቢኤስ የጎልፍ ኮሜንታተር የነበረው ቤን ራይት በኤልፒጂኤ ሻምፒዮና ሳምንት ከአንድ የዊልሚንግተን ጋዜጠኛ ጋር ሲያወራ የሴቶች ጡት ለስዊንግ (ዱላውን ወዝውዞ ለመምታት) እንቅፋት ነው፣ ሌዝቢያን መሆንም ስፖርቱን እየጎዳው ነው የሚል ነገር ተናገረ ተብሎ ወጣ። እሱ አላልኩም አለ፣ ጣቢያው በመጀመሪያ ከጎኑ ቆመ፣ ከወራት በኋላ ጉዳዩ በመፅሄት እንደገና ሲነሳ በጃንዋሪ 1996 ከስርጭት አነሳው። እንግዲህ የሴቶች ጎልፍ ሊሰራጭ በተዘጋጀበት ሳምንት ወሬው ስለ ሰውነታቸውና ስለ መኝታቸው ነበር ማለት ነው። እኔ ጁዲን የማከብራት በዚህ ዘመን ውስጥ ስትሰራ ስለ ምቱ ብቻ ስላወራች ነው። ሴቶቹን ስትዘግብ አዘኔታ የለም፣ "ጎበዝ ልጆች ናቸው እኮ" የሚል ማባበል የለም፣ መጥፎ ምርጫ ከሆነ መጥፎ ምርጫ ነው ትላለች፣ ለምን እንደሆነ ትናገራለች፣ ወደሚቀጥለው ትሄዳለች። ወንዶቹን ስትዘግብም ያው ነች፣ ድምፅዋ አይቀየርም። ይሄ ቀላል ይመስላል፣ ግን አሁን ራሱ የሴቶች ስፖርት ስርጭት ስትሰሙ አስተውሉ፣ ሁለት ዓይነት ጥፋት ነው በብዛት ያለው፣ አንዱ ንቀት ነው፣ ሁለተኛው ሁሉንም ነገር ተዓምር ማድረግ ነው፣ ሁለተኛውም ውስጡ ንቀት አለበት ባይ ነኝ፣ ተራ ምትን ድንቅ ነው የምትል ከሆነ ከመጀመሪያው ብዙ አልጠበቅክም ማለት ነው።

ማነፃፀሪያ ካስፈለገ ዶቲ ፔፐርን እንይ። እሷም ትልቅ ተጫዋች ነበረች፣ ሁለት ሜጀር አሸንፋለች፣ ከዛ ተንታኝ ሆነች፣ በ2007 ስዊድን ሃልምስታድ ላይ የአሜሪካና የአውሮፓ ሴቶች በሚገጥሙበት ሶልሃይም ካፕ ላይ ማስታወቂያ የገባ መስሏት የአሜሪካ ተጫዋቾችን ጫና አይችሉም በሚል ከውሻ ጋር አያይዛ ሰደበቻቸው፣ ማይኩ ግን ክፍት ነበር፣ ስድቡ በቀጥታ ተላለፈ። ይቅርታ ጠይቃለች። ዶቲን ለማሳነስ አይደለም ይሄን ያነሳሁት፣ በኋላ ሲቢኤስ ላይ ከሜዳ ዘጋቢዎች ዋናዋ ለመሆን የበቃች፣ በጣም የምትችል ሰው ናት። የምለው ከሜዳ የመጣ ተንታኝ ስሜቱን ይዞ ነው የሚመጣው፣ የቀድሞ ጓደኞቹን ነው የሚተነትነው፣ ያንን ስሜት ወደ ዕውቀት መቀየር ትልቅ ጥበብ ነው፣ ጁዲ ላይ ያ ጥበብ ለ38 ዓመት አልጠፋም።

ስለ ሶልሃይም ካፕ ካነሳን አይቀር፣ ጁዲ ኤቢሲ ላይ እየሰራች በ1996 እና በ1998 የአሜሪካ ቡድን ካፕቴን ሆናለች። በ1996 ዌልስ ውስጥ ሴንት ፒየር ላይ ከሁለቱ ቀን በኋላ አሜሪካ 9 ለ 7 እየተመራች ነበር፣ በመጨረሻው ቀን የነጠላ ግጥሚያ 12 ነጥብ ነበረ፣ አሜሪካኖቹ 10ሩን ወሰዱ፣ 17 ለ 11 አለቀ። በ1998 ኦሃዮ ሙርፊልድ ቪሌጅ ላይ ደግሞ 16 ለ 12። ያቺ ዶቲ ፔፐር በሁለቱም ቡድን ውስጥ ነበረች። አሁን እዚህ ጋ የሚከነክነኝ ነገር አለ፣ ሳልናገረው አላልፍም። በጋዜጠኝነት ህግ ካየነው በዚህ ሳምንት ካፕቴን ሆኖ በሌላው ሳምንት እነዛኑ ተጫዋቾች መተንተን የጥቅም ግጭት ነው። ጁዲ ግን ራሷን ጋዜጠኛ ብላ አቅርባ አታውቅም፣ የስራው መደብም ተንታኝ ነው፣ ተመልካቹም ማን እንደሆነች ያውቃል። ጎልፍ ይሄን ነገር ይፈቅዳል፣ እኔም በሷ ጉዳይ ላይ ጥቅሙ ያመዝናል እላለሁ፣ ምክንያቱም ካፕቴን ሆና ማን ከማን ጋር ይጣመር፣ ማን ጫና ላይ ፐት (ግሪኑ ላይ ኳሷን ወደ ቀዳዳው የምትገፋ ምት) ይስታል፣ ማን ቀድሞ ይውጣ የሚለውን በራሷ እጅ የወሰነች ሰው ስታወራ ወንበር ላይ ሆኖ ከሚገምት ሰው ጋር አንድ አይደለም። ግን ሌላ ስፖርት ላይ፣ በተለይ ሙስና ያለበት ላይ፣ ይሄን እንደ አርአያ አልወስደውም።

ክብሩም በዚሁ ጊዜ መጣ። ድሮ የኤልፒጂኤ የክብር መዝገብ ለመግባት 30 ድል ከሁለት ሜጀር ጋር፣ ወይ 35 ከአንድ ጋር፣ ወይ ሜጀር ከሌለ 40 ድል ይጠይቅ ነበር፣ 26 ድል ያላት ጁዲ በዛ በር አትገባም። በ1999 መስፈርቱ ሲቀየር በነባሮች መደብ ተመርጣ በ2000 የዓለም ጎልፍ የክብር መዝገብ ገባች፣ በ2002 ደግሞ የአሜሪካ ጎልፍ ማህበር ትልቁን ሽልማቱን የቦብ ጆንስን ሽልማት ሰጣት።

ከዛ 2006 መጣ። ይሄ ዓመት ለኔ የጉዳዩ እምብርት ነው። የጡት ካንሰር እንዳለባት ያወቀችው በዚህ ዓመት ነው፣ 61 ዓመቷ ነበር። በዚሁ ዓመት ኤቢሲ የፒጂኤ ቱር ስርጭቱን አበቃ፣ አዲሱ ውል ሲፈረም ከ2007 ጀምሮ በነፃ ከሚታዩት ጣቢያዎች የወንዶቹ ጎልፍ ለሲቢኤስና ለኤንቢሲ ሆነ። ሃያ ሁለት ዓመት የሰራችበት መድረክ ከስሯ ተነሳ ማለት ነው፣ ያውም ህክምና ላይ እያለች። ብዙ ሰው እዚህ ጋ ያበቃል፣ ቢያበቃም ማንም አይፈርድበትም። እሷ ታክማ ተመለሰች፣ ኤቢሲና ኢኤስፒኤን የእንግሊዞቹን ኦፕን ገና ይዘውት ስለነበር እሱን ቀጠለች።

በዚህ መሃል ኤልፒጂኤ ራሱ ችግር ውስጥ እየገባ ነበር። የውድድሩ ማዕከል ወደ እስያ ዞሯል፣ የደቡብ ኮሪያዋ ፓክ ሴሪ በ1998 የሴቶች ኦፕንን ካሸነፈች በኋላ የኮሪያ ልጆች በጅምላ መጡ፣ እያሸነፉም ነው፣ የአሜሪካ ስፖንሰሮችና ቲቪዎች ግን ከነሱ ጋር ምን እንደሚያወሩ ግራ ገባቸው። በ2008 ማህበሩ እንግሊዝኛ የቃል ፈተና ያላለፈች ተጫዋች ትታገዳለች የሚል ህግ ላወጣ ነው አለ፣ ከየአቅጣጫው ተቃውሞ ሲወርድበት በሳምንታት ውስጥ ተወው። በሰው አገር በቋንቋዋ ምክንያት ችሎታዋን የተጠራጠሩባት ሴት ይሄን ስታነብ ምን እንደሚሰማት መናገር አያስፈልገኝም። ከዛ የኢኮኖሚው ቀውስ መጣ፣ በ2008 34 የነበረው የውድድር ቁጥር በ2011 ወደ 23 ወረደ። በዚህ ጨለማ መሃል ግን በ2009 አንድ ውል ተፈርሟል፣ ከ2010 ጀምሮ ለ10 ዓመት ጎልፍ ቻናል የኤልፒጂኤ ቋሚ የኬብል ቤት ይሆናል የሚል። ከዛ በፊት የሴቶቹ ውድድር አንዱ ሳምንት እዚህ ጣቢያ፣ አንዱ ሳምንት እዛ ሲንከራተት ነበር፣ ተመልካቹም የት እንደሚያገኘው አያውቅም።

ይሄ ውል ነው ጁዲን የሴቶች ቱር የየሳምንት ድምፅ ያደረጋት። 65 ዓመቷ ነበር። እንግዲህ መልሱ ይሄው ነው፣ ዕውቀቱ ከ1984 ጀምሮ ነበረ፣ ድምፁ ነበረ፣ ያልነበረው የአየር ሰዓት ነው። አንድ ተንታኝ በዓመት ጥቂት ሳምንት ብቻ የሚያገኛቸውን ተጫዋቾች በደንብ ሊያውቅ አይችልም፣ ተመልካቹም የሱን ድምፅ ከነሱ ጋር ማያያዝ አይችልም፣ በየሳምንቱ መገኘት ያስፈልጋል። ቋሚ ቤት ሲገኝ ነው ያ ሁሉ የተጠራቀመ ነገር የፈሰሰው። ጊዜውም ጥሩ ገጠመ፣ የታይዋኗ ያኒ ትሴንግ ዓለምን የምትመራበት ዘመን ነበር፣ በ2012 ሊዲያ ኮ ገና 15 ዓመቷ፣ አማተር ሆና፣ የካናዳ ኦፕንን አሸነፈች፣ በ2013 ኢንቢ ፓርክ የዓመቱን የመጀመሪያ ሶስት ሜጀሮች በተከታታይ ወሰደች። ተመልካቹ እነዚህን ልጆች በቃለ መጠይቅ አያውቃቸውም፣ ስለዚህ ስራው የተንታኙ ነው፣ የኢንቢ ፐት ለምን እንደሚገባ፣ ቀስ ያለው ስዊንጓ ጫና ላይ ለምን እንደማይፈርስ ማስረዳት የሚችል ሰው ካለ ተመልካቹ ስማቸውን ለመያዝ እንግሊዝኛቸውን አይጠብቅም። የማህበሩ አለቆች በቋንቋ ፈተና ሊፈቱት የሞከሩት ችግር በከፊል ጥሩ ተንታኝ ማስቀመጥ የሚፈታው ነበር፣ እኔ እንደዛ ነው የማየው። የ15 ዓመቷን ሊዲያን ለመተንተን ደግሞ በ15 ዓመቷ የሴቶች ኦፕን ላይ አማተሮቹን ሁሉ ከበለጠች ሴት የተሻለ ሰው ከየት ይመጣል።

ይሄን ስል የጎልፍ ቻናሉ ውል ሁሉን ነገር አስተካከለ ማለቴ አይደለም። ኬብል ነው፣ ገንዘብ ከፍሎ የሚያይ ሰው ብቻ ነው የሚያገኘው፣ የወንዶቹ ውድድር ላይቭ ላይ ካለ የሴቶቹ ብዙ ጊዜ ተቀድቶ ቆይቶ ነበር የሚታየው፣ የሚመደበው ካሜራም ያንሳል። ካሜራ ሲያንስ የሚታየው ምት ያንሳል፣ የሚታየው ምት ሲያንስ ተንታኙ ክፍተቱን በወሬ እንዲሞላ ይገደዳል፣ ስርጭቱ ቀዝቃዛ ይሆናል፣ ከዛ ያው ሴቶቹ አሰልቺ ናቸው ይባላል። እኔን የሚያናድደኝ ይሄ ዙር ነው፣ ድሃ ስርጭት ሰጥተህ ድሃነቱን በተጫዋቾቹ ታሳብባለህ። ጁዲ በዚህ ውስጥ ሆና ነው ያን ጥራት የጠበቀችው፣ በወንዶቹ ውድድር ላይ በብዙ ካሜራ መስራት ምን እንደሚመስል ከ20 ዓመት በላይ አይታ፣ ከዛ በትንሹ እየሰራች፣ ያንኑ ጥንቃቄ ይዛ።

በ2022፣ 77 ዓመቷ ላይ፣ ከሙሉ ጊዜ ስራዋ ወጣች። የዋና ተንታኝነቱን ወንበር የያዘችው ሞርጋን ፕሬሰል ናት። ሞርጋን የተወለደችው በ1988 ነው፣ ጁዲ ኤቢሲ ላይ አራት ዓመት ከሰራች በኋላ ማለት ነው፣ በ12 ዓመቷ የሴቶች ኦፕን ለመጫወት ማጣሪያ አልፋለች፣ በ2007 ደግሞ 18 ዓመቷ ላይ ሚሽን ሂልስ ላይ ያንን የዲና ሾርን ውድድር አሸነፈች፣ ጁዲ በ1976 ያሸነፈችውን። ለሞርጋን እንደ ሜጀር ተቆጥሮላታል። ወደ ማይኩ ስትመጣም ገና በ30ዎቹ መጀመሪያ እያለች ነው የሴቶቹን ቱር ዋና ወንበር የተሰጣት፣ የወንዶቹን ሜዳ ሃያ ዓመት በእግሯ ዞራ እንድታረጋግጥ የጠየቃት የለም።